ግድግዳው ላይ የተለጠፈው ሰውዬ

ትናንት ሌሊት እንቅልፍ እምቢ ሲለኝ፣ አሜሪካዊው ቀልደኛ ዴቪድ ሌተርማን እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር በ1984 በኤንቢሲ ቴሌቪዥን የሌሊት ፕሮግራሙ ላይ ያሳየውን ጉድ ከፍቼ ሳይ፣ እናቴ ውሃ ልትጠጣ ተነሥታ ከኋላዬ ቆመች። ሰውዬው ቬልክሮ፣ ማለትም በልጆች ጫማ ላይ የምናውቀውን ተጣባቂ ጨርቅ፣ ከላይ እስከ ታች ለብሶ ዘለለና ግድግዳው ላይ ተለጥፎ ቀረ። እኔ ስስቅ እሷ ብርጭቆዋን እንደያዘች ከወለሉ ርቀው የተንጠለጠሉትን እግሮቹን ትኩር ብላ አየችና፣ «አሁን ይሄን ማን ሊያወርደው ነው?» አለች። ለእኔ ቀልዱ ያለው እዚያው ላይ ነው፤ ሌላው ቀልደኛ የሚያስቅ ቃል ሲፈልግ፣ እንግዳ ተቀብሎ በወግ የሚያነጋግር ሰው (ያውም ደመወዝ እየተከፈለው) ራሱን እንደ ማስታወቂያ ወረቀት ለጥፎ ዝም ይላል። እናቴ አንገቷን ነቅንቃ ገባች፤ ትንሽ ቆይቶ ግን ከመኝታ ቤቷ ሳቋ ተሰማኝ።