በማላያ ሞርስካያ መንታ መንገድ፦ የሞዴስት ቻይኮቭስኪ ዱካ

ሴንት ፒተርስበርግ ላይ መነሻዬ አድሚራልቴይስካያ የምድር ባቡር ጣቢያ ነበር። ጣቢያው 86 ሜትር ያህል ጥልቀት ስላለው ለመውጣት ብቻ ጥቂት ደቂቃ መመደብ ያስፈልጋል። መውጫው ማላያ ሞርስካያ ጎዳና ላይ ነው፤ ከዚያ ከጎሮኮቫያ ጎዳና ጋር እስከሚገናኝበት ድረስ በእግር ይኬዳል።

እዚያ ሁለት ቤቶች ይተያያሉ። ቁጥር 10 የልዕልት ናታልያ ጎሊትሲና መኖሪያ ነበር። ፑሽኪን በ1834 ባሳተመው «ፒኮቫያ ዳማ» (የስፔድ ንግሥት) ታሪክ ውስጥ ላለችው የሦስት አሸናፊ የቁማር ካርታዎች ምስጢር ባለቤት አሮጊት አምሳያዋ እሷ እንደሆነች ይነገራል። ቁጥር 13 ደግሞ ሞዴስት ኢሊች ቻይኮቭስኪ በ1893 የኖረበት ቤት ነው። አቀናባሪው ፒዮትር ቻይኮቭስኪ ያረፈው በዚያው ዓመት እዚሁ ወንድሙ ቤት ስለሆነ ጎብኚው የእሱን የመታሰቢያ ጽሑፍ አንብቦ ያልፋል። የሞዴስትን ድርሻ የሚያስብ ጥቂት ነው፤ ይህ ያሳዝነኛል፤ ያንን የፑሽኪን ታሪክ የኦፔራ ግጥም ያደረገው እሱ ነውና።

ሊብሬቶውን፣ ማለትም ይህን የኦፔራ ግጥም፣ የጀመረው ለሌላ አቀናባሪ፣ ለክሌኖቭስኪ ነበር። ክሌኖቭስኪ ሲተወው ፒዮትር ተረከበውና በ1890 መጀመሪያ ፍሎረንስ ተቀምጦ በ44 ቀን የሙዚቃውን ረቂቅ ጨረሰ። ሞዴስት ከሩሲያ ትዕይንቱን እየጻፈ በፖስታ ይልክለት ነበር።

ፑሽኪንን ያነበበ ሰው (በቅድመ አያቱ ምክንያት በእኛም አገር ስሙ የሚነሳ ነው) ኦፔራውን ሲያይ ግር ሊለው ይችላል። በመጽሐፉ ሊዛ በአሮጊቷ ቤት በጥገኝነት የምትኖር ልጅ ናት፤ ዋናው ገጸ ባሕርይ ጌርማንም የሚፈልጋት ወደ ካርታው ምስጢር መግቢያ እንድትሆነው ነው። ሞዴስት ሊዛን የአሮጊቷ የልጅ ልጅና የአንድ ልዑል እጮኛ አደረጋት። ስለዚህ ድሃው ጌርማን እሷን ለማግኘት ገንዘብ፣ ገንዘብ ለማግኘት ደግሞ «ሦስት፣ ሰባት፣ አስ» የግድ ያስፈልጉታል። ፍቅሩና ቁማሩ አንድ ገመድ ሆኑ። ለእኔ የሊብሬቶው ትልቁ ብልሃት ይህ ነው።

የኦፔራው ዘመንም ወደ ንግሥት ካትሪን ሁለተኛ ዘመን ተመልሷል። ነገር ግን ሊዛና ጓደኛዋ ፖሊና በጋራ የሚዘምሩት የዡኮቭስኪ ግጥም የ1806 ነው፤ ንግሥቲቱ በ1796 ሞታለች። መድረክ ላይ ግን ማንም ልብ አይለውም።

ከመንታ መንገዱ በቤተ መንግሥቱ አደባባይ አቋርጦ ሩብ ሰዓት ያህል ሲኬድ የክረምት ቦይ ይደረሳል። ሚሊዮናያ ጎዳና ላይ ካለው ድልድይ ሆኖ ወደ ኔቫ ወንዝ ማየት ይሻላል፤ ሁለቱን ሕንጻዎች የሚያገናኘው ቅስት ሙሉ በሙሉ የሚታየው ከዚያ ነው። ሊዛ ራሷን የምትጥለው እዚህ ነው። በፑሽኪን ታሪክ ግን ሌላ ሰው አግብታ ትኖራለች። ትዕይንቱ እንዲገባ የጠየቀው ፒዮትር ነበር፤ ያለዚህ ትዕይንት ሦስተኛው ክፍል ሴት የሌለበት ይሆናል፣ ተመልካቹም የሊዛን መጨረሻ ሳያውቅ ይቀራል ብሎ። እዚህ ላይ የምትዘምረውንም ቃል ራሱ ጻፈው።

ኦፔራው በ1890 መጨረሻ የታየው ማሪንስኪ ቲያትር ነው። ዛሬ ትኬት የሚቆርጥ ሰው ሕንጻውን ይለይ፤ ከቦዩ ማዶ በ2013 የተከፈተ አዲስ ማሪንስኪ አለና ተሳስቶ የሚሄድ አይጠፋም።

ሞዴስት ከዚያም ለወንድሙ «ኢዮላንታ»ን፣ ለአቀናባሪዎቹ ለናፕራቭኒክ «ዱብሮቭስኪ»ን፣ ለራህማኒኖቭ «ፍራንቼስካ ዳ ሪሚኒ»ን ጻፈ። የመጨረሻው ደካማ ነው፤ ለፍቅር ትዕይንቱ ቃል ስላነሰ ራህማኒኖቭ ተቸግሯል።

ክሊን ከተማ ከሞስኮ ሌኒንግራድስኪ ጣቢያ በባቡር አንድ ሰዓት ተኩል ገደማ ነው። ፒዮትር በመጨረሻ የኖረበትን ቤት ሞዴስት ሙዚየም አደረገው፤ የወንድሙን ክፍሎች ሳይነካ ለራሱ መኖሪያ በጎን ቀጥሎ አሠራ። ሦስት ቅጽ የሕይወት ታሪኩንም ጻፈለት። በላይኛው ፎቅ የቤከር ፒያኖውንና ስድስተኛው ሲምፎኒ የተጻፈበትን የበርች እንጨት ጠረጴዛ ካዩ በኋላ ሞዴስት ያስቀጠለውን ክፍል መጠየቅ አይርሱ። በ1916 ሲሞት ቤቱን ከነዕቃው ለሩሲያ የሙዚቃ ማኅበር የሞስኮ ቅርንጫፍ ተናዞ ሄደ።