የቤት ብድር ላይ አንድ ዓመት ስንት ያወጣል?

የቤት ብድር ለመውሰድ የሚያስብ ሰው መጀመሪያ የሚጠይቀው «በወር ስንት ይደርስብኛል?» ብሎ ነው። ጥያቄው ተገቢ ነው፤ ገቢው የማይሸከመውን ብድር ማንም ሊፈርምበት አይገባም። ችግሩ ብዙ ሰው እዚያው ላይ ማቆሙ ነው። ወርሃዊ ክፍያን ዝቅ ለማድረግ ቀላሉ ዘዴ የመክፈያ ዘመኑን ማራዘም ነው፤ ዘመኑ በተራዘመ ቁጥር ደግሞ ቤቱ ይወደዳል። በወር ሲያዩት ረከሰ የተባለው ብድር ተደምሮ ሲታይ ከሁሉም ውዱ ሆኖ የሚገኘው ለዚህ ነው።

በምሳሌ እንየው። 1,000,000 ብር በ12 በመቶ ዓመታዊ ወለድ ለ20 ዓመት ተበደርን እንበል። ቁጥሮቹን የመረጥኩት ስሌቱ እንዲቀል ነው፤ ብር ያልኩትን በፈለጋችሁት ገንዘብ ተኩት፣ ሂሳቡ ያው ነው። ወለዱ በቀሪ ዕዳ ላይ በየወሩ የሚታሰብ፣ ወርሃዊ ክፍያውም እኩል የሆነ ብድር ከሆነ በወር 11,010.86 ብር ይደርሳል። በ240 ወር ሲባዛ 2,642,606 ብር ይሆናል። ከዚህ ውስጥ 1,642,606 ብሩ ወለድ ነው።

አሁን የመጀመሪያውን ወር ብቻ ነጥላችሁ ተመልከቱ። 12 በመቶ ለ12 ወር ሲካፈል በወር 1 በመቶ ነው። ሙሉው ሚሊዮን ገና ዕዳ ስለሆነ የወሩ ወለድ 10,000 ብር ይመጣል። ከከፈላችሁት 11,010.86 ላይ ዕዳውን የሚቀንሰው 1,010.86 ብር ብቻ ነው። በሁለተኛው ወር ዕዳው 998,989.14 ይሆናል፤ ወለዱ 9,989.89፣ ከዋናው ዕዳ የሚቀነሰው 1,020.97። ከወር ወር የመጣው ለውጥ አሥር ብር! አምስት ዓመት አንድም ወር ሳያጓድል የከፈለ ሰው 660,652 ብር አውጥቶ ቀሪ ዕዳው 917,444 ብር መሆኑን ሲያይ የተጭበረበረ የሚመስለው ለዚህ ነው። አልተጭበረበረም። ወለድ የሚታሰበው ባለው ዕዳ ላይ ነው፣ በመጀመሪያዎቹ ዓመታት ደግሞ ያለው ዕዳ ብዙ ነው። ለዋናው ዕዳ የሚሄደው ድርሻ ወለዱን የሚበልጠው በ172ኛው ወር፣ ማለትም ከ14 ዓመት በኋላ ነው። ግማሹ ዕዳ የሚያልቀውም 15ኛው ዓመት ሊሞላ ሲል ነው።

ይህ ከገባን የዘመኑ ዋጋ ግልጽ ይሆናል። ያንኑ ሚሊዮን፣ በዚያው 12 በመቶ፣ በ15 ዓመት ብንከፍለው ወርሃዊው 12,001.68 ይሆንና ጠቅላላ ወለዱ 1,160,302 ብር ነው። በ30 ዓመት ከሆነ ወርሃዊው 10,286.13፣ ወለዱ ግን 2,703,007። ከ20 ወደ 30 ዓመት የሚሸጋገር ሰው በወር 725 ብር ገደማ ይቀለዋል፤ ለዚህች ቅለት 1,060,401 ብር ተጨማሪ ወለድ ይከፍላል። ከተበደረው ገንዘብ በላይ መሆኑ ነው። በተቃራኒው ከ20 ወደ 15 ዝቅ ያለ ሰው በወር 991 ብር ገደማ ይከብደዋል፣ 482,000 ብር ያህል ግን ይተርፈዋል። ብድር ስታወዳድሩ እንግዲህ የወለድ መጠኑን ከማየታችሁ በፊት ዘመኑን እኩል አድርጉ። የ15 ዓመትን ብድር ከ30 ዓመት ብድር ጋር በወርሃዊ ክፍያ ማወዳደር ትርጉም የለውም።

በውሉ ላይ ረጅሙን ዘመን ይዞ፣ ገንዘብ በተገኘ ጊዜ ከመደበኛው በላይ መክፈል ሦስተኛው መንገድ ነው። እኔ ገቢው የሚዋዥቅ ሰው ከሁሉ ይህን ቢመርጥ ይሻለዋል እላለሁ፤ በክፉ ጊዜ ወደ ትንሹ ክፍያ መመለስ ይችላልና። ተጨማሪ ክፍያ ምን እንደሚሠራ ለማየት ወደዚያች ሁለተኛ ወር እንመለስ። የመጀመሪያውን ወር ስትከፍሉ 1,020.97 ብር ጨምራችሁ ብትከፍሉ፣ ሁለተኛው ወር ሊቀንሰው የነበረውን ዋና ዕዳ አስቀድማችሁ አነሳችሁት። የየወሩ ክፍያ በየረድፉ የሚጻፍበት የክፍያ ሰንጠረዥ አንድ ረድፍ ይዘላል፤ ከ20 ዓመቱ ጫፍ ላይ አንድ ሙሉ የ11,010.86 ክፍያ ይቀራል። ከመጀመሪያው ጀምሮ በየወሩ 1,000 ብር የጨመረ ሰው ብድሩን በ15 ዓመት ይጨርሳል፣ ወደ 485,000 ብር ወለድም ይቀርለታል። ያንኑ 1,000 ብር ከ10 ዓመት በኋላ የጀመረ ግን የሚያሳጥረው 17 ወር፣ የሚያተርፈውም ወደ 91,500 ብር ብቻ ነው። ቀድሞ የተከፈለ ብር ረጅም ዕድሜ ያለውን ዕዳ ነው የሚገድለው።

እዚህ ላይ ሁለት ነገር ይበላሻል። አንደኛው፣ ተጨማሪው ገንዘብ ከዋናው ዕዳ ላይ ሳይቀነስ «የሚቀጥለው ወር ክፍያ» ተብሎ ተመዝግቦ ይቀመጣል። እንዲህ ከሆነ ወለዱ እንደነበረው ይቆጠራል፣ እናንተም ምንም አላተረፋችሁም። ስለዚህ ስትከፍሉ «ከዋናው ዕዳ ይቀነስ» የሚል ጽሑፍ አያይዙ፣ በሚቀጥለው ወር መግለጫ ላይም ቀሪ ዕዳው በዚያው ልክ መውረዱን አረጋግጡ። ሁለተኛው፣ ጠቀም ያለ ገንዘብ በአንዴ ስታስገቡ አበዳሪው ዘመኑን እንዳለ ትቶ ወርሃዊውን ሊቀንስላችሁ ይችላል። ደስ ይላል፤ ግን አብዛኛው ትርፍ ያለው ዘመኑን ማሳጠር ላይ ነው። የትኛውን እንደምትፈልጉ ተናገሩ። ከዚያ በፊት ደግሞ ውሉ ውስጥ ቀድሞ ለሚከፍል ሰው ቅጣት እንዳለ ፈልጉ፤ አንዳንድ ውል በመጀመሪያዎቹ ጥቂት ዓመታት ብቻ ይቀጣል፣ አንዳንዱ ደግሞ በዓመት እስከተወሰነ መጠን ድረስ በነፃ ይፈቅዳል።

ወለድ ሲነገራችሁ «በምን ላይ የሚታሰብ?» ብላችሁ ጠይቁ። በቀሪ ዕዳ ላይ የሚታሰብና በመጀመሪያው የብድር መጠን ላይ እስከ መጨረሻው የሚታሰብ ወለድ ሰማይና ምድር ናቸው። ሁለተኛው ዓይነት ፍላት ይባላል። 7 በመቶ ፍላት ለ20 ዓመት ማለት በሚሊዮኑ ላይ በየዓመቱ 70,000፣ በድምሩ 1,400,000 ብር ወለድ ነው፤ ወርሃዊው ልክ 10,000 ይመጣል። ይህ በቀሪ ዕዳ ላይ ቢታሰብ 10.5 በመቶ ገደማ ነው። 7 በመቶ የሚለውን ሰምቶ 9 በመቶ በቀሪ ዕዳ የሚያበድረውን የተወ ሰው ርካሹን ትቶ ውዱን ወሰደ።

ከወለዱ ውጭ ያሉት ክፍያዎች ብዙ ጊዜ በፊርማው ቀን ነው የሚታወሱት፦ የአገልግሎት ክፍያ፣ የቤት ግምት፣ የውልና የመያዣ ምዝገባ፣ የሕይወትና የእሳት መድን። የአገልግሎት ክፍያው 2 በመቶ ከሆነና ከብድሩ ላይ ከተቆረጠ፣ እጃችሁ የሚገባው 980,000 ሆኖ ወለድ የምትከፍሉት ግን በ1,000,000 ነው። ለ20 ዓመት ሙሉ ብትቆዩ 12 በመቶ የተባለው ወደ 12.3 ይጠጋል። በአምስተኛው ዓመት ቤቱን ሸጣችሁ ብድሩን ብትዘጉ ግን ወደ 12.6 ይወጣል፤ ያቺ 20,000 ብር የምትከፋፈልበት ዓመት አጠረና። ቶሎ የመሸጥ ሐሳብ ያለው ሰው ወለዱ በትንሹ ከፍ ብሎ የአገልግሎት ክፍያው ያነሰውን ብድር ቢመርጥ ያዋጣዋል። የመድኑን ነገር ለብቻው አስሉት፤ ከብድሩ ጋር ተዳምሮ ሲቀርብ የመድኑ ዓረቦን ራሱ ዕዳ ሆኖ ለ20 ዓመት ወለድ ይታሰብበታል።

ተለዋዋጭ ወለድ ያለው ብድር ለብቻው መታየት አለበት። ከአምስት ዓመት በኋላ 917,444 ብር ቀርቶ ሳለ ወለዱ ከ12 ወደ 15 በመቶ ወጣ እንበል። በቀሩት 15 ዓመታት ለመጨረስ ወርሃዊው ወደ 12,840 ብር ይሄዳል፤ የ1,830 ብር ጭማሪ። አንዳንድ ውል ግን ወርሃዊውን ሳይነካ ዘመኑን ያረዝማል። እዚህ ነው ጉዱ። በ15 በመቶ የአንድ ወር ወለድ ብቻውን 11,468 ብር ነው፣ የምትከፍሉት 11,010.86። ክፍያው ወለዱን እንኳ አይሸፍንም፤ ሳታጓድሉ እየከፈላችሁ ዕዳው ያድጋል። ስለዚህ ውሉን ስታነቡ ወለዱ በምን ምክንያት፣ በየስንት ጊዜው፣ እስከ ምን ጣሪያ እንደሚለወጥ፣ ሲለወጥም ወርሃዊው ነው ወይስ ዘመኑ የሚነካው የሚለውን ፈልጉ። ጣሪያ ያልተጻፈበት ተለዋዋጭ ወለድ ላይ መፈረም ባዶ ቼክ ላይ እንደመፈረም ነው።

ወለድ ሲወርድ ብድሩን ወደ ሌላ አበዳሪ ማዛወርም የራሱ ወጥመድ አለው። ያው ሰው ከአምስት ዓመት በኋላ 11 በመቶ የሚያበድር አገኘና አዲስ የ20 ዓመት ውል ፈረመ። ወርሃዊው ወደ 9,470 ይወርዳል፣ በወር 1,541 ብር ይተርፈዋል። ይሁን እንጂ በአሮጌው ብድር የቀረው 1,981,955 ብር ነበር፤ በአዲሱ ግን 2,272,750 ገደማ ይከፍላል። ወለዱ ቀንሶለት ወደ 291,000 ብር ከሰረ፣ ምክንያቱም 15 የነበረውን 20 አደረገው። አዲሱን ውል በ15 ዓመት ቢያደርገው ወርሃዊው 10,428 ገደማ ሆኖ 105,000 ብር ያህል ያተርፍ ነበር። ከዚያ ላይ የማዛወሪያውን ወጪ ሁሉ ቀንሱ። ወጪውን በወር በሚተርፈው ገንዘብ አካፍሉት፤ ውጤቱ ወጪው በስንት ወር እንደሚመለስ ይነግራችኋል። ከዚያ ወር በፊት ቤቱን የምትሸጡ ከሆነ አትድከሙ።

እስካሁን ያልነካሁት የዋጋ ግሽበት ነው፤ ያለ እሱ ደግሞ ሂሳቡ ያዳላል። በ20ኛው ዓመት የሚከፈለው 11,010.86 የዛሬው 11,010.86 አይደለም። ግሽበቱ በዓመት 6 በመቶ ከሆነ ያኔ የሚኖረው የመግዛት አቅም ዛሬ 3,430 ብር ገደማ የሚገዛውን ያህል ነው። ስለዚህ ወለዱ የማይለወጥ ከሆነና ገቢያችሁ ከግሽበቱ ጋር የሚያድግ ከሆነ ጊዜው ለተበዳሪው ያግዛል፤ 1,642,606 የሚለው ቁጥርም የሚያስፈራውን ያህል አይደለም። ቀድሞ መክፈልም ሁልጊዜ ብልህነት አይሆንም። 12 በመቶ ብድር ላይ አስቀድሞ የተከፈለ ብር 12 በመቶ እንዳተረፈ ይቆጠራል። ከዚህ ከፍ ያለ ወለድ የሚበላ ሌላ ዕዳ ካላችሁ መጀመሪያ እሱን ዝጉ። የስድስት ወር ወጪ የሚሆን መጠባበቂያ ከሌላችሁም ቤቱ ላይ ገንዘብ አትክተቱ፤ ግድግዳ ውስጥ የገባ ብር በችግር ቀን አይወጣም።

ቤቱ ራሱ ደግሞ ይበላል። ለጥገና እንደ መነሻ በዓመት የቤቱን ዋጋ 1 በመቶ መያዝ የተለመደ ነው፤ አሮጌ ቤት ከሆነ ከፍ ይላል። በአንዱ ዓመት ምንም አይጠፋም፣ በሌላው ጣሪያው ወይም የውኃ ቧንቧው የሦስት ዓመቱን ይወስዳል። የንብረት ግብርና የጋራ ሕንፃ መዋጮም ብድሩ ካለቀ በኋላ የሚቀጥሉ ናቸው።

ከመፈረማችሁ በፊት የክፍያ ሰንጠረዡን ሙሉውን፣ እስከ መጨረሻው ረድፍ፣ በወረቀት ጠይቁ። ከዚያ በራሳችሁ ኤክሴል ላይ አራት ዓምድ ሥሩ፦ ቀሪ ዕዳ፣ ወለድ፣ ከዋናው የሚቀነስ፣ አዲስ ቀሪ። ወለዱ ቀሪ ዕዳው በወርሃዊው የወለድ መጠን ሲባዛ የሚገኘው ነው፤ ከክፍያው ላይ ወለዱን ስትቀንሱ ሦስተኛው ዓምድ ይመጣል። 240 ረድፍ ወደ ታች ጎትቱት። የመጨረሻው ቀሪ ዜሮ ወይም ለዜሮ በጣም የቀረበ ካልመጣ አንድ ነገር አለ። ብዙ ጊዜ ልዩነቱ የሚመጣው ከቀን አቆጣጠር ነው፦ ወለዱ በቀን ተሰልቶ ዓመቱ እንደ 360 ቀን ከተያዘ፣ የ31 ቀን ወር ወለድ በሚሊዮን ላይ 10,333.33 ይሆናል፤ በ365 ቢሆን 10,191.78 ነበር። 12 የተባለው በዚህ ብቻ 12.17 ይሆናል። ውሉ ላይ «360» የሚል ቁጥር ካያችሁ የወለድ መጠኑን በ365 አባዝታችሁ በ360 አካፍሉና ከሌላው አበዳሪ ጋር የምታወዳድሩት እሱን ይሁን።