ኡቬ መጣ

ስቶክሆልም በገባሁ በሁለተኛው ዓመት አረጋውያንን እየቤታቸው እየሄድኩ እንከባከብ ነበር። አብራኝ የምትሠራ ስዊድናዊት «ቋንቋው እንዲገባሽ ሶልሲዳንን እይ» አለችኝ። እ.ኤ.አ. በ2010 ቴቪ ፎር በሚባለው የስዊድን ቴሌቪዥን ጣቢያ ላይ የጀመረ ተከታታይ ኮሜዲ ነው። ሶልሲዳን «ፀሐያማው ወገን» ማለት ሲሆን ስቶክሆልም አጠገብ ባለችው ሳልትሾባደን ውስጥ ያለ የባለጸጋ ሰፈር ነው። የባቡሩ መጨረሻ ጣቢያም ስሙ ይኸው ነው።

አሌክስ የሚባል የጥርስ ሐኪም እርጉዝ ፍቅረኛውን ይዞ ወደ ተወለደበት ሰፈር ይመለሳል። እዚያ ማን ይጠብቀዋል? የድሮ የትምህርት ቤት ጓደኛው ኡቬ ሱንድበሪ።

ኡቬ ሳይደውል ይመጣል። ይቀመጣል። የተገኘውን ይበላል። ባልደረባዬ በምሳ እረፍት ስልኳ ላይ እያሳየችኝ በሳቅ ትፈነዳለች። እኔ ግን ምኑ እንደሚያስቅ ግራ ገባኝ። ጎረቤት ነዋ! እኛ ሰፈር ቡና ሲወቀጥ ሰምቶ የማይመጣ ጎረቤት የተኳረፈ ብቻ ነው። እንዲያውም ከሁሉም ጤነኛው እሱ መሰለኝ።

ቆይቶ ነው የገባኝ። ኡቬ ይመጣል እንጂ አይጠራም። ይበላል እንጂ አያበላም። የለየለት ቋጣሪ ነው። የሚጫወተው ሄንሪክ ዶርሲን ደግሞ አያጋንነውም። ፈገግ ብሎ፣ አንገቱን ሰበር አድርጎ፣ ውለታ የሚውልልህ እየመሰለ ነው ኪስህ የሚገባው። የተዋናዩን ስም የማያውቅ ሰው እንኳ ኡቬን ያውቀዋል።

ዶርሲን በኡቬ አልጀመረም። ግሮቴስኮ የሚባል የኮሜዲ ቡድን አባል ነው፤ ቡድኑ በ2007 በስዊድን የሕዝብ ቴሌቪዥን በኤስቪቲ ብቅ አለ። ይዘፍናል፣ ይጽፋል፣ መድረክ ላይም ይሠራል። በ2017 ግሮቴስኮዎች የስደተኞችን ቀውስ ሙዚቃዊ ድራማ አድርገው ሠሩት። ያየሁት ሶፋ ጫፍ ላይ ቁጭ ብዬ ነው። በ2015 ስዊድን ውስጥ ወደ 163 ሺህ ሰው ጥገኝነት ጠይቋል፤ ከዚያ ወዲህ በየመሥሪያ ቤቱ የምናየው ፊት ምን ያህል እንደተለወጠ ለእኛ አይነገረንም። በ2022 ደግሞ ካን የፊልም ፌስቲቫል ላይ ትልቁን ሽልማት፣ የወርቅ ዘንባባን፣ ባገኘው የስዊድናዊው ዳይሬክተር የሩበን ኦስትሉንድ ፊልም ውስጥ ዶርሲንን ገንዘብ የተረፈውና ሰው ያጣ ሀብታም ሆኖ አየሁት። ኡቬን ፈልጌ አጣሁት። ጎበዝ ተዋናይ ነው።

ወደ ራሴ ልመለስ። በአንድ ፋሲካ ድፎ ዳቦ ጋግሬ በሰሃን ይዤ ፊት ለፊት ያለችውን ጎረቤቴን አንኳኳሁ። በሩን ስንዝር ያህል ከፈተች። «ችግር አለ?» አለችኝ። ዳቦውን ዘረጋሁላት። «ታክ፣ ታክ» (አመሰግናለሁ) ብላ ተቀበለችኝና ዘጋችው። በማግስቱ ሰሃኔ በላስቲክ ተደርጎ በሬ እጀታ ላይ ተንጠልጥሏል። ታጥቦ፣ ተወልውሎ፣ ባዶውን! አገር ቤት ሰሃን ባዶውን አይመለስም፤ ቢጠፋ ቢጠፋ አንድ እፍኝ ቆሎ ይደረግበታል።

ለባልደረባዬ ስነግራት «ኡቬ ሆንሽባት» ብላ ሳቀች።

«ኡቬ ዳቦ ይዞ ይመጣል እንዴ?» አልኳት። መልስ አጣች።

በ2022 «ስዊድናውያን እራት ሲደርስ ሊጫወት የመጣን የሌላ ሰው ልጅ ክፍል ውስጥ ያስጠብቃሉ» ተብሎ ኢንተርኔቱ ሲታመስ ያ ሰሃን ትዝ አለኝ። እውነቱን ለመናገር ሁሉም እንደዚያ አይደሉም። የምንከባከባቸው አንድ አዛውንት ቡና ሳልጠጣ ከወጣሁ ያኮርፉ ነበር።

አሁን እዚሁ የተወለደ ልጅ አለኝ። ሶልሲዳንን ስናይ ከእኔ ቀድሞ ነው የሚስቀው። ባለፈው ቅዳሜ እትዬ፣ የታችኛው ፎቅ ጎረቤታችን፣ እንደ ልማዳቸው ሳይደውሉ መጡ። ነጠላቸውን አጣፍተው፣ በላስቲክ እንጀራ ይዘው። ልጄ በቀዳዳው አይቶ በሹክሹክታ «ማሚ፣ ኡቬ መጣ!» አለኝ።

ሰምተውት ኖሮ ገና ጫማቸውን ሳያወልቁ «ምንድን ነው ያለኝ?» አሉ።

«ጎረቤት ማለቱ ነው፣ እትዬ» አልኳቸው። «ይግቡ፣ ቡናው ደርሷል።»