ከአሱንታ ሻል ኋላ፣ ናፖሊ

ከሮም ናፖሊ ፈጣኑ ባቡር ከአንድ ሰዓት ብዙም አይዘልም። እኔ ርካሹን ያዝኩ። እሱ ሲንፏቀቅ ከሁለት ሰዓት በላይ ይፈጃል። ለአንድ ድምፅ አልባ ፊልም ከበቂ በላይ ነው። ስልኬ ላይ «አሱንታ ስፒና»ን ከፈትኩ። እ.ኤ.አ. በ1915 ናፖሊ ውስጥ የተቀረጸ ነው። አጠገቤ የተቀመጡት ሴትዮም አንገታቸውን ሰገግ አድርገው አብረውኝ ያዩ ጀመር። መሃል መሃል የሚወጣውን ጽሑፍ ላነብ ፊልሙን ሳቆም ይቆጡኛል። ጣሊያንኛዬ ቀርፋፋ ነው፣ ምን ላድርግ?

እውነቱን ለመናገር፣ ልስቅ ነበር የተዘጋጀሁት። የዚያ ዘመን የጣሊያን ዲቫዎች፣ ማለትም ዝነኞቹ ሴት ተዋንያን፣ መጋረጃ ጨብጠው ሲዝለፈለፉ ከዚህ በፊት አይቻለሁ። አሱንታን ሆና የምትጫወተው ፍራንቼስካ ቤርቲኒ ግን ሌላ ናት።

አሱንታ ልብስ አጣቢ ናት። እጮኛዋ ሚኬሌ ሥጋ ሻጭ ነው። በቅናት ያብድና ጉንጯን በስለት ይተለትላታል። እሷ ደግሞ ልታድነው ፍርድ ቤት ቆማ ትዋሻለች! ሲፈረድበት ከናፖሊ እንዳያርቁት ብላ ለአንድ የፍርድ ቤት ጸሐፊ ራሷን ትሰጣለች። ሚኬሌ ተፈቶ ሲመጣ ጸሐፊውን ይገድላል። ፖሊስ ሲደርስ «እኔ ነኝ» የምትለው እሷው ናት።

ይህን ሁሉ የሚናገረው ሻሏ ነው። ከትከሻዋ ይንሸራተታል፣ ተመልሶ ይጠመጠማል፣ ፊቷን ይጋርዳል። ነጠላ ሲዘቀዘቅ ለቅሶ መኖሩን የሚያውቅ ሰው እዚህ ጋ ጽሑፍ አያስፈልገውም። ዳይሬክተሩ ጉስታቮ ሴሬና ነው፤ ሚኬሌን ሆኖ የሚጫወተውም እሱ ነው። ቤርቲኒ ካረጀች በኋላ ግን ፊልሙን የሠራሁት እኔ ነኝ ብላለች። እኔ አምኛታለሁ።

ናፖሊ እንደደረስኩ በአውቶቡስ ፖዚሊፖ ወደተባለው ኮረብታማ ሰፈር ወጣሁ። በፊልሙ ጠቡ የሚጫረው እዚህ ድግስ ላይ ነው። ባሕሩ ከታች፣ የቬሱቪዮ እሳተ ገሞራ ከማዶ። ወጣቶች ሞተር ላይ ተቀምጠው ይሳሳማሉ። አላፊ አግዳሚው ጉዳዬም አላላቸው።

ከሰዓት በኋላ ካስቴል ካፑዋኖ ወደተባለው ግንብ ሄድኩ። የከተማዋ ፍርድ ቤት ለዘመናት የነበረው እዚህ ነው፤ ዛሬ ችሎቱ ወደ ዘመናዊ ሕንፃዎች ተዛውሯል። ግንቡን ዞሬ ጠባብ መንገድ ውስጥ ገባሁ። ከላይ ልብስ ተሰጥቷል። አንሶላ፣ የሕፃን ካልሲ፣ ትልቅ የወንድ ሱሪ። አንገቴ ላይ ቀዝቃዛ ውኃ ጠብ አለ። ቀና ስል የናፖሊ ክለብ ማሊያ የለበሰች ልጅ በረንዳው ላይ ሱሪውን እየጨመቀች ነው።

«ስኩዚ!» (ይቅርታ!) አለችኝና መጭመቋን ቀጠለች።