የዲሲፕሊን ክስ ከደረሳችሁ መልሳችሁን በጽሑፍ ስጡ

ጎንደር ውስጥ የመንግሥት ሠራተኛ ከሥራ ሲሰናበት መጀመሪያ የሚሮጠው ሽማግሌ ፍለጋ ነው። ኃላፊውን የሚያውቅ ዘመድ፣ የንስሐ አባት፣ የድሮ አለቃ ይፈለጋል። እርቅ መልካም ነው፣ ሽማግሌም አልንቅም። ግን ሽማግሌ ደጅ ሲጠና የይግባኙ ቀን ይቆጠራል። የሚቆጠረውም የስንብት ደብዳቤው እጃችሁ ከገባበት ጊዜ ጀምሮ ነው። ቀኑ ካለፈ በኋላ ራፖር ጻፊ ዘንድ ቁጭ ብሎ "ተበድያለሁ" ማስጻፍ ብዙም አይረዳም።

ይህን የምጽፈው በአንድ መሥሪያ ቤት በሠራተኛ ተመርጬ የዲሲፕሊን ኮሚቴ አባል ስለነበርኩ ነው። እዚያ ያየሁት አንድ ነገር እስከ ዛሬ ያንገበግበኛል። ሰው መከላከያውን በቃል ይናገራል፣ ይምላል፣ ያለቅሳል፣ ምስክሮቹን በስም እየጠራ "እነሱን ጠይቁልኝ" ይላል። ቃለ ጉባኤው ላይ ግን "ተከሳሽ ድርጊቱን አልፈጸምኩም ብሏል" ከምትል አንዲት መስመር በቀር የሚቀር ነገር የለም። በኋላ ዳኛ ፊት የምትቀርበው ያቺ መስመር ናት።

መንገዱ እንዲህ ነው። ኮሚቴው ይመረምርና የውሳኔ ሐሳብ ያቀርባል፤ የሚወስነው የመሥሪያ ቤቱ የበላይ ኃላፊ ነው። የፌዴራሉ የመንግሥት ሠራተኞች አዋጅ፣ 515/1999ም ሆነ እሱን የተካውና በ2017 ዓ.ም. በአዲስ አዋጅ የተተካው 1064/2010፣ ቅጣቱን ከቃል ማስጠንቀቂያ ጀምሮ እስከ ስንብት ደረጃ በደረጃ ይዘረዝር ነበር፤ ቀላልና ከባድ ብሎም ይለይ ነበር። ከባድ ቅጣት የተጣለበት ሠራተኛ ይግባኙን ይዞ የሚሄደው ወደ መንግሥት ሠራተኞች አስተዳደር ፍርድ ቤት ነው። ይሄ አካል ፍሬ ነገሩንም ሕጉንም ያያል። ከዚያ ወዲያ ወደ መደበኛው ፍርድ ቤት የሚኬደው ግን የሕግ ስህተት አለ ተብሎ ብቻ ነው።

ብዙ ሰው የሚሰናከለው እዚህ ላይ ነው። ፍርድ ቤት ሲባል ነገሩ ከሀ ተጀምሮ እንደገና የሚሰማ ይመስለዋል። ዕቃው ከመጋዘን ወጥቷል ወይስ አልወጣም፣ ያን ቀን ሥራ ላይ ነበርኩ ወይስ አልነበርኩም የሚለው የፍሬ ነገር ክርክር ነው፤ እሱ ታች፣ አስተዳደር ፍርድ ቤቱ ዘንድ ያልቃል። ላይ፣ መደበኛው ፍርድ ቤት የሚጠየቀው ሌላ ነው። ክሱ በጽሑፍ ደርሶት ነበር ወይ? መልስ የሚያዘጋጅበት ጊዜ ተሰጥቶታል? መከላከያ ምስክሮቹ ተሰምተዋል? ለጥፋቱ የተጣለው ቅጣት ሕጉ የሚፈቅደው ነው? ለነዚህ ጥያቄዎች መልስ የሚገኘው ፋይሉ ውስጥ ነው። ምስክር ጠርታችሁ ካልተሰማላችሁ፣ መጥራታችሁን የሚያሳይ ገቢ የተደረገ ማመልከቻ ከሌላችሁ፣ ዳኛው ከየት አምጥቶ ያምናችኋል? ስለዚህ መልሳችሁን ጻፉ፣ ምስክሮቻችሁን በዝርዝር ጥቀሱ፣ መዝገብ ቤት ገቢ አስደርጉ፣ ግልባጩ ላይም ማኅተም አስመቱ።

ጎንደር ላይ ደግሞ አንድ ተጨማሪ ነገር አለ። ባል ጎንደር ዩኒቨርሲቲ አስተዳደር ክፍል ይሠራል፣ ሚስት ክፍለ ከተማ ትሠራለች እንበል። አንድ ቤት ያድራሉ፣ የሚዳኙት ግን በሁለት ሕግ ነው። ዩኒቨርሲቲው የፌዴራል ተቋም ስለሆነ እሱ በፌዴራሉ አዋጅ ይታያል፤ እሷ በአማራ ክልል የመንግሥት ሠራተኞች አዋጅ። ይግባኝ የሚባልበት ቦታም ይለያያል። ጎረቤት "እኔ እንዲህ አድርጌ ተመለስኩ" ስላለ ብቻ አትከተሉ፤ ደብዳቤው ላይ የተጠቀሰውን የአዋጅ ቁጥርና አንቀጽ መጀመሪያ አንብቡ።

ሌላው "ፖሊስ ለቆኛል፣ ፍርድ ቤትም ነፃ ብሎኛል፣ ታዲያ እንዴት ያባርሩኛል?" የሚለው ነው። ያሳዝናል፣ ግን የዲሲፕሊን እርምጃ ከወንጀል ክሱ ጋር ሳይያያዝ ለብቻው ሊወሰድ ይችላል። በወንጀሉ ነፃ የወጣ ሰው ዲሲፕሊኑንም ለብቻው መከላከል አለበት።

ዳኛ ባይኖርስ? አይተነዋል። በ2000 ዓ.ም. የወጣው የገቢዎችና ጉምሩክ ባለሥልጣን ሠራተኞች ደንብ ቁጥር 155 ዋና ዳይሬክተሩ በሙስና የጠረጠረውን ሠራተኛ መደበኛውን የዲሲፕሊን ሥርዓት ሳይከተል እንዲያሰናብት ፈቅዶ ነበር፤ የተሰናበተውም በየትኛውም የዳኝነት አካል ውሳኔ ወደ ሥራ መመለስ አይችልም ይል ነበር። ሙስናን እጠላለሁ። ግን ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 37 ማንኛውም ሰው በፍርድ ሊወሰን የሚገባውን ጉዳይ ለፍርድ ቤት ወይም በሕግ የዳኝነት ሥልጣን ለተሰጠው ሌላ አካል የማቅረብ መብት አለው እያለ፣ ደንብ ይህን በር ሲዘጋ ዝም ማለት አይገባም። ሌባም ንጹሕም እኩል የሚባረርበት አሠራር ሌባውን እንኳ በትክክል አይለይም።

የመጨረሻው አማራጭ ሰበር ነው፤ እሱም መሠረታዊ የሕግ ስህተት ለተፈጸመበት የመጨረሻ ውሳኔ ነው። የፌዴራል ጠቅላይ ፍርድ ቤት ሰበር ውሳኔዎች በቅጽ ቅጽ እየታተሙ ወጥተዋል፤ ስለ መንግሥት ሠራተኛ ስንብት የተወሰኑትም እዚያ ይገኛሉ። አንብቧቸው፣ ቋንቋው የሚፈራውን ያህል አይከብድም።

አሁን ኮሚቴ ውስጥ ላላችሁ፣ በተለይ ሠራተኛው ለመረጣችሁ። ተከሳሹ ያለውን በሙሉ አስጽፉ። የጠራውን ምስክር ካልሰማችሁ ለምን እንዳልሰማችሁ ይጻፍ። በውሳኔ ሐሳቡ ካልተስማማችሁም ቡና ላይ ከማማት የልዩነት ሐሳባችሁን ከነምክንያቱ ቃለ ጉባኤው ላይ አስፍራችሁ ፈርሙ፤ ይግባኙን የሚያየው ዳኛ ያን ገጽ ያነበዋል።