ቀን ቆጠራ፣ ማታ ነገራ

ጎጃም ውስጥ ቅኔ ቤት የገባ ሰው «ቆጠራ» ሲባል ሒሳብ አይመስለውም። ተማሪው ጠዋት ወጥቶ ከዛፍ ሥር ወይም ከካብ ጥግ ይቀመጥና ቅኔውን በልቡ ያበጃል፤ ቆጠራ ይሄ ነው። ሲመሽ የኔታ ፊት ቀርቦ ያሰማል፤ ይሄ ደግሞ ነገራ ነው። ሳይቆጥር የመጣ ተማሪ ገና በመጀመሪያው ቤት፣ ማለትም በመጀመሪያው ስንኝ፣ ይያዛል።

እኔ የእንግሊዝኛ ሥነ ጽሑፍ መምህር ነኝ። ደብረ ማርቆስ ተቀምጬ ሁለት ነገር እጽፋለሁ፦ ስለ አማርኛ ልቦለድና ስለ ቅኔ ጥናት፣ ስለ ከፍተኛ ትምህርት ደግሞ አስተያየት። ጥናቱ ጥንቃቄ፣ አስተያየቱ ወኔ የሚጠይቅ ይመስለኝ ነበር። አይደለም፤ ሁለቱም ቆጠራ ነው የሚፈልጉት። አሠራሬን እንዳለ ላስቀምጠው።

ብዙ ጊዜ ለማስተርስ የሚመጣ ተማሪ ንድፈ ሐሳቡን መርጦ ይጨርስና ልቦለድ ፍለጋ ይወጣል። የተገላቢጦሽ ነው። እኔ የምጀምረው አጠገቤ ካለው ጽሑፍ ነው፤ ለጎጃም ሰው ደግሞ ይህ ችግር አይደለም። ሐዲስ ዓለማየሁ እዚሁ ደብረ ማርቆስ አካባቢ ተወልደው ቅኔውን በደብረ ኤልያስ፣ በደብረ ወርቅና በዲማ ተምረዋል። ዮፍታሔ ንጉሤ የደብረ ኤልያስ፣ አቤ ጉበኛ የአቸፈር፣ አፈወርቅ ገብረ ኢየሱስ የዘጌ ሰው ናቸው። በ1958 ዓ.ም. የታተመውን «ፍቅር እስከ መቃብር»ን የሚያጠና ሰው ማንኩሳንም ዲማንም በአውቶቡስ ሄዶ ሊያያቸው ይችላል። ሄዶ ማየቱ ግን ወጥመድ አለው። ቦታው እውነተኛ ስለሆነ ልቦለዱንም እንደ ታሪክ መዝገብ ማንበብ ይመጣል፤ ስለ ልቦለዱ ገጸ ባሕርይ «ፊታውራሪ መሸሻ ማን ነበሩ?» ብሎ አገር ቤት ሽማግሌ መጠየቅ ይመጣል። ጥያቄው መሆን ያለበት ደራሲው ያንን ቦታ ለምን መረጠው፣ ምን አስቀረበት የሚለው ነው።

ንባቡ ላይ የምጠቀመው ካርድ ነው። አንድ ኤ4 ወረቀት ለሁለት ይቆረጣል። ከፊት በኩል አንድ ጥቅስ ብቻ ይጻፋል፣ ከነምዕራፉ፣ ከነገጹና ከነኅትመት ዓመቱ። ገጽ ብቻ መጻፍ አይበቃም፤ እንደገና ሲታተም ገጹ ይሸሻል፣ ምዕራፉ ግን አይንቀሳቀስም። የራሴ ሐሳብ ሁልጊዜ ከጀርባ ነው። ይህን የማደርገው ለውበት አይደለም። የራስና የደራሲው ቃል በአንድ ገጽ ከተቀላቀለ ከስድስት ወር በኋላ የቱ የማን እንደሆነ አይለይም፤ ሳይታሰብ የሚደረገው ስርቆት አብዛኛው የሚመጣው ከዚህ ነው። ለሃያ ገጽ ጽሑፍ ከ150 እስከ 200 ካርድ እሞላለሁ፤ የሚገባው ሲሶው ነው። የቀረው አይጣልም፣ ለሚቀጥለው ይቆያል።

ንግግር ያለበት ጥቅስ ከሆነ ካርዱ ላይ አንድ መስመር እጨምራለሁ፦ ማን ለማን ተናገረ፣ በአንተ ነው፣ በአንቺ ነው፣ በእርስዎ ነው ወይስ በአንቱ? ቀላል ይመስላል። ግን በእንግሊዝኛ ስንጽፍ መጀመሪያ የሚጠፋው ይሄ ነው፣ ለሁሉም የሚያገለግል አንድ ቃል ብቻ ስላለ። አንድ ሰው በአንቱ ሲያናግራት የነበረችውን ሴት በአንቺ የጠራበት ቦታ በአማርኛ ትልቅ ክስተት ነው፤ ትርጉሙ ላይ ምንም አልሆነም። ስለዚህ ካርዶቹን በተናጋሪ ጥንድ እደረድርና አጠራሩ የተቀየረበትን ምዕራፍ በቀይ እለያለሁ። ብዙ ጊዜ ቀዩ ካርድ የታሪኩ መታጠፊያ ላይ ነው የሚወድቀው። በእንግሊዝኛው ጽሑፍ ውስጥ ጥቅሱን በፊደል፣ ከሥሩ ትርጉሙን፣ ቀጥሎ አጠራሩን አስቀምጣለሁ። አርታኢ «የፊደሉ ጥቅስ ይውጣ» ቢለኝ የምከራከርበት ብቸኛ ነገር ይሄ ነው።

ጽሑፉ በኮምፒውተር ካለ ፍለጋ ያግዛል፣ ግን እንዲሁ ከተፈለገ ይዋሻል። በፓወር ግዕዝ ወይም በቪዥዋል ግዕዝ የተጻፈ አሮጌ ፋይል ቅርጸ ፊደሉ በሌለበት ማሽን የላቲን ዝብርቅርቅ ሆኖ ነው የሚከፈተው፤ መጀመሪያ ወደ ዩኒኮድ፣ ማለትም በየትኛውም ማሽን ወደሚነበበው የፊደል ሥርዓት፣ መቀየር አለበት። ቀጥሎ ሞክሼ ፊደላት፣ በድምፅ አንድ በመልክ የተለያዩት፣ አሉ። «ኃይል» ብዬ ስፈልግ «ሀይል»ና «ሐይል» ካመለጡኝ ቁጥሬ ውሸት ነው። ስለዚህ ሁለት ቅጂ ይኖረኛል፣ የንባብና የፍለጋ። በፍለጋው ቅጂ ላይ ሐንና ኀን ወደ ሀ፣ ሠን ወደ ሰ፣ ዐን ወደ አ፣ ፀን ወደ ጸ እመልሳለሁ። አምስት ፊደል በሰባት ድምፅ 35 ቅያሬ ነው። ከዚያ ሃን ወደ ሀ፣ ኣን ወደ አ፤ በጠቅላላው 37። እነዚህ ሁለቱ መጨረሻ ላይ ይደረጉ፤ ቀድመው ከተሠሩ ከሓና ከዓ የሚመጡት ይቀራሉ። በአሮጌ ኅትመት ቃላትን የሚለያየው ሁለት ነጥብም ወደ ክፍት ቦታ ይቀየር። ግስ ሲፈለግ አንዱን መልክ ብቻ መጻፍ አያዋጣም፦ «ነገረ» የሚለው «ይነግራል»ን አያገኝም፣ «ንገሪኝ»ንም።

የንባቡን ቅጂ ግን ፈጽሞ አልነካም። በግዕዝ ሠረቀ ወጣ ነው፣ ሰረቀ ሰረቀ ነው፤ ሠዐለ ሥዕል ሣለ፣ ሰአለ ለመነ። ኅሊናና ማሕሌት በተለያየ ሐ የሚጻፉት በአጋጣሚ አይደለም። በአማርኛም ቢሆን ወንዙን ዓባይ፣ ዋሾውን አባይ ብሎ የለየ ጸሐፊ ሆን ብሎ ለይቶ ይሆናል፤ በጆሮ አንድ የሚሆኑበትን ኅብር፣ ማለትም የሁለት ትርጉም ጨዋታ፣ ማየት የሚቻለው በዓይን ሁለት መሆናቸው ሲጠበቅ ነው።

ወደ ቅኔው ስመጣ ነገሩ ይከብዳል፣ ምክንያቱም መጽሐፍ የለም። ቅኔ ለዕለቱ ተበጅቶ አንዴ ይባላል፣ አይደገምም። ለመቅዳት አስቀድሞ የኔታን ማስፈቀድ ግድ ነው፤ የተማሪው ፈቃድ የእሳቸውን አይተካም። ስልክ ይበቃል፣ ግን ጠረጴዛ ወይም ወንበር ላይ ከተቀመጠ የእጅና የመቋሚያ ድምፅ ይጫነዋል፤ በታጠፈ ጋቢ ላይ ይቀመጥ። የፋይሉ ስም ዓመት፣ ወር፣ ቀን፣ ቦታ፣ በዓል ይያዝ። በዓሉን አልመዘገብኩም ማለት ሰሙን፣ የቅኔውን የላይ ትርጉም፣ አጣሁት ማለት ነው፤ ቅኔው የሚንጠለጠለው በዕለቱ ታሪክ ላይ ነውና። የአሥር ደቂቃ ቅጂ ለመገልበጥ ከሁለት እስከ ሦስት ሰዓት እይዛለሁ። ከሥር ከሥሩ ሦስት መስመር፦ ግዕዙ፣ የየቃሉ ፍቺ፣ ከዚያ ሰሙና ወርቁ። ማረጋገጫው የቤቱ ብዛት ነው፤ እያንዳንዱ የቅኔ ዓይነት የራሱ ቁጥር አለው። ጉባኤ ቃና 2 ቤት፣ ዘአምላኪየ 3፣ ዋዜማ 5፣ ሥላሴ 6፣ መወድስ 8። ጉባኤ ቃና ብዬ የመዘገብኩት ሦስት ቤት ከወጣው ጥፋቱ የእኔ ነው፤ ወይ መስመሩን የቆረጥኩት ያለቦታው ነው፣ ወይ ስሙን ተሳስቻለሁ። ሲገለበጥ የተጠራጠርኩትን ቃል በግምት አልሞላም፤ ክፍት ትቼ ለየኔታ መልሼ አነባለሁ።

ስለ ዓመተ ምሕረት አንድ ነገር። የአፈወርቅ ልቦለድ ሮም ላይ የታተመው በአውሮፓውያኑ 1908 ነው። ወሩን ካላወቅን በእኛ «1900/1901» ብሎ መጻፍ ነው እንጂ ዝም ብሎ ስምንት መቀነስ አይሆንም። የከፍተኛ ትምህርት አዋጁም በአማርኛው 1152/2011፣ በእንግሊዝኛው 1152/2019 ይባላል፤ እንደ ሁለት ሕግ የቆጠራቸው ጽሑፍ አይቻለሁ። ስምም እንዲሁ፣ የውጭ መጽሔት «ዓለማየሁ፣ ሐዲስ» ብሎ ሲገለብጥ አባትን ደራሲ እያደረገ ነው፤ ከመላኬ በፊት በደብዳቤው ላይ አስታውቃለሁ።

መጽሔት መምረጥ ላይ ብዙ አልልም። ገንዘብ ጠይቆ በሦስት ቀን «ተቀብለናል» የሚል መጽሔት ጽሑፉን አላነበበም። ለደረጃ ዕድገት ሲሉ እዚያ የላኩትን ጽሑፍ በኋላ ሌላ ቦታ ማተም አይቻልም፤ የሚያስቆጨው ክፍያው ሳይሆን ይሄ ነው።

አሁን ወደ አስተያየቱ። የ2014 ዓ.ም. የ12ኛ ክፍል ፈተና በ2015 መጀመሪያ በዩኒቨርሲቲ ግቢዎች ተሰጠ፤ 50 ከመቶና ከዚያ በላይ ያመጣው 3.3 በመቶ ሆነ። ያን ሰሞን ሁሉም ጸሐፊ «ትምህርቱ በአንድ ዓመት ወደቀ» አለ። ከመጻፌ በፊት ሁሌ የማደርገው የቁጥሩን ሁለት ጫፍ መጠየቅ ነው፦ ከስንት ሰው? በምን መለኪያ? ቀድሞ የዩኒቨርሲቲ መግቢያ ነጥብ የሚቆረጠው በቦታ ልክ ነበር፤ አሁን መለኪያው 50 ከመቶ ሆነ፣ የፈተናው ቦታና ቁጥጥሩም ተለወጠ። ስለዚህ ሁለቱ ዓመታት ጎን ለጎን አይቆሙም። ቁጥሩ ያሳየው የዚያን ዓመት ውድቀት ሳይሆን ለዓመታት ሳንለካው የቆየነውን ነው፤ ይህን ማለት ይቻላል፣ ከዚያ ማለፍ ግን አይቻልም።

ሌላው ልማዴ ቅሬታን ወደ ሰዓት መለወጥ ነው። «ተማሪ መጻፍ አይችልም» የሚለው ለቅሶ ለማንም አይጠቅም። አንድ ድርሰት በአግባቡ ለማረም 15 ደቂቃ ይፈጃል፤ ሰዓት ይዤ ነው የለካሁት። 60 ተማሪ ባለበት ክፍል ሦስት ድርሰት ማረም 2,700 ደቂቃ፣ ማለትም 45 ሰዓት ነው። ሦስት ክፍል ለሚያስተምር መምህር 135 ሰዓት። ይህን ሰዓት ማንም የሥራ ጫና ቅጽ ላይ አይጽፈውም፤ ስለዚህ መምህሩ ወደ ምርጫ ጥያቄ ይሄዳል። ከ2015 ጀምሮ የመጣው፣ ተመራቂዎች የሚወስዱት የመውጫ ፈተናም በምርጫ ጥያቄ የሚሰጥ፣ ማለፊያውም 50 ከመቶ ስለሆነ ይህንኑ ያጸናዋል፤ ተማሪውም ድርሰት ከመጻፍ ያለፈ ዓመት ጥያቄ መሸምደድን ይመርጣል። በዚህ መልክ ሲጻፍ የትምህርት ክፍል ኃላፊ ስድብ አያይበትም፤ ሊከራከርበት የሚችለው ስሌት ነው።

ለነገራው አንድ አድማጭ አለኝ፣ ሁለተኛ ደረጃ የሚያስተምር ሰው። ከመላኬ በፊት ጮክ ብዬ አነብለታለሁ። የ45 ሰዓቱን ስሌት ሳነብለት ጨርሶ ከሰማኝ በኋላ «አርመህ የመለስክላቸውን አስተካክለው ሲያመጡ ማነው ደግሞ የሚያየው?» አለኝ። አልቆጠርኩትም ነበር። ጽሑፉን መልሼ መሳቢያ ውስጥ ከተትኩት።