ሁልጊዜ የሚሞተውን ሰውዬ መከታተል፦ ሁለት ወር ከኤላይሻ ኩክ ጋር

ነገሩ የጀመረው በንዴት ነው። የድሮ ጥቁርና ነጭ የአሜሪካ ፊልሞችን ማየት ከጀመርኩ ወዲህ አንድ ፊት እየተደጋገመ ይመጣብኛል። አጭር ሰውዬ፣ ዓይኑ የፈጠጠ፣ ሁሌም የሆነ ነገር ሰርቆ የሚፈራ የሚመስል። «ይሄን ሰውዬ የት ነው የማውቀው?» እያልኩ ግማሹ ፊልም ያልፈኛል። በመጨረሻ ስሙን ፈልጌ ያዝኩት፤ ኤላይሻ ኩክ ጁኒየር ይባላል። በቃ፣ ለሁለት ወር መሪ ተዋናዮቹን ትቼ እሱን ብቻ እከተላለሁ አልኩ። እናንተም ያያችሁትን የምትጽፉበት የፊልም ደብተር ካላችሁ፣ የደረስኩበትን ላካፍላችሁ። (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ ናቸው።)

ታሪኩን ባጭሩ፦ በ1903 ሳን ፍራንሲስኮ ተወለደ፣ በ1995 አረፈ። በ1933 የኒውዮርክ የቴአትር ሰፈር በሆነው ብሮድዌይ፣ ጸሐፌ ተውኔቱ ዩጂን ኦኒል በጻፈው ቴአትር የወጣቱን ሚና ተጫውቷል። ከዚያ ሆሊውድ ገባ፤ እስከ 1988 ድረስ ካሜራ ፊት ነበር። መሪ ተዋናይ ግን አልሆነም።

የመጀመሪያው ሳምንት ስህተቴን ልናገር። ጊዜ ልቆጥብ ብዬ ፊልሙን እያስሮጥኩ እሱ ያለበትን ቦታ ብቻ አየሁ። በ1941 የወጣውን «ዘ ማልቲዝ ፋልከን» እንዲህ አድርጌ በአንድ ቡና ጨረስኩት። ደብተሬ ላይ የጻፍኩት ምን መሰላችሁ? «ሽጉጥ የታጠቀ ወጠጤ። ያፈጣል።» ሌላ ምንም።

አፍሬ ከመጀመሪያው እንደገና አየሁት። ዊልመር የሚባለውን ወሮበላ ነው የሚጫወተው። ሁሉም እንደ ልጅ ነው የሚያዩት። ኩክ ያኔ 37 ዓመቱ ነበር! መሪ ተዋናዩ ሃምፍሪ ቦጋርት ኮሪደር ላይ ኮቱን ወደ ታች ስቦ ክንዱን ያስረዋል፤ ሁለቱንም ሽጉጦቹን ይወስድና ለአለቃው ያስረክብለታል። ልክ ከሕፃን እጅ መጫወቻ እንደመቀማት። በኋላ ዊልመር በቡጢ ተመትቶ ሶፋ ላይ ራሱን ስቶ ሳለ፣ አለቃው ለፖሊስ አሳልፎ ሊሰጠው ይስማማል። ሲነቃ ሁሉም ቆመው ያዩታል። የአንዱን ፊት ያያል፣ የሌላውን ያያል። ቃል አይወጣውም። ግን ሲገባው ይታያችኋል። ቀድሞ የደረሰበትን ንቀት አንድ በአንድ ካላያችሁ፣ ያ ፊት የተኛ ሰው ሲነቃ ከማየት አይበልጥም። እያስሮጥኩ ሳይ ያለፈኝ ይሄ ነው።

ከዚያ ወዲህ ሕግ አወጣሁ። ፊልሙን አንዴ ሙሉውን፣ ከዚያ የእሱን ትዕይንት ያለ ድምፅ። «ዘ ቢግ ስሊፕ» (1946) ላይ ሲደርስ ግን ሕጌ አልሠራም። እዚያ ያለው ትልቁ ትዕይንቱ የሚሰማ ነው፤ ቦጋርት ጎን ባለው ክፍል ተደብቆ ያዳምጣል። አንድ ገዳይ ኩክን «ሴትዮዋ የት ናት?» እያለ ያፋጥጠዋል። ኩክ አድራሻ ይሰጠዋል። ከዚያ መርዝ ያለበት መጠጥ ይጠጣል። አድራሻው ውሸት ነበር! ያን ሁሉ የሆነላት ሴት ደግሞ፣ በእኔ ግምት፣ ያን ያህል የምታወጣ አይደለችም። ይሄንን ዓይኔን ጨፍኜ ነው ያየሁት፣ ማለቴ የሰማሁት። ድምፁ ለመለማመጥም ለመዋሸትም ያው አንድ ነው። ገዳዩ የተሸወደው ለዚህ ይመስለኛል።

ያለ ድምፅ ማየት የጠቀመኝ «ሼን» (1953) ላይ ነው። ኩክ ቶሪ የሚባል ቱግ ባይ ገበሬ ነው፤ «እኔ ማንንም አልፈራም» ባይ። ከተማው ጭቃ በጭቃ ሆኗል። ቅጥረኛ ገዳዩን የሚጫወተው ጃክ ፓላንስ የመሸታ ቤቱ በረንዳ ላይ ደረቅ ጣውላ ረግጦ ቆሟል። ኩክ ታች ጭቃው ውስጥ እየተንሸራተተ ይሄዳል። ላይኛው ሰውዬ ሳይቸኩል ጓንቱን ያጠልቃል። የታችኛው እግሩን የሚያሳርፍበት ያጣል። ድምፁን አጥፍታችሁ እዩት፤ ገና ሽጉጥ ሳይመዘዝ ማን እንደሚሞት እግራቸው ይነግራችኋል። ቶሪ ሊመዝ ይሞክራል፣ ያኛው ቀድሞታል። ግን ወዲያው አይተኩስም። ያቺ ቅጽበት! ኩክ እጁ ግማሽ መንገድ ላይ ቆሞ ይቀራል። ከዚያ ጥይቱ ወደ ኋላ ወርውሮት ጭቃው ውስጥ ይዘረራል። ዳይሬክተሩ ጆርጅ ስቲቨንስ ያን ውርወራ ያመጣው ኩክን በሽቦ አስጎትቶ ነው። ይሄን ካወቅሁ በኋላ ሽቦውን ፍለጋ ስድስት ጊዜ መለስኩት። አላየሁትም።

በ1956 የወጣው የስታንሊ ኩብሪክ «ዘ ኪሊንግ» ላይ የፈረስ እሽቅድምድም ቦታ ገንዘብ ተቀባይ ነው። ሚስቱን የምትጫወተው ሜሪ ዊንዘር በቁመት ትበልጠዋለች፤ በምላስማ አይወራም። እሷ ፊት ወንድ ለመምሰል ብሎ የዝርፊያውን ምስጢር ይዘከዝክላታል። ጉድ የሚፈላው ከዚህ ነው። መጨረሻው ላይ እየደማ ቤቱ ይገባል፤ ሲወድቅ በቀቀኗ ያለችበትንም የሽቦ ቤት ይዞ ይወድቃል። ይሄን ፊልም ምሽት ላይ ብቻችሁን አትዩት።

በ1944 «ፋንተም ሌዲ» ላይ ከበሮ መቺ የሆነበትን ከጨመርን፣ ከአምስቱ ፊልሞች በአራቱ ሞቷል። ታንቆ፣ ተመርዞ፣ በጥይት፣ እንደገና በጥይት።

የ«ዘ ማልቲዝ ፋልከን» ዳይሬክተር ጆን ሂውስተን ስለ እሱ የጻፈውን ሳገኝ ግን ሳቄ መጣ። ሰውየው በፊልምና በፊልም መካከል ሴራ ኔቫዳ ተራራ ላይ ብቻውን እየኖረ ትራውት ዓሣ ያጠምድ ነበር። ሲፈለግ መልእክተኛ ይላክበታል። ወርዶ ፊልሙን ይሠራል፣ ተመልሶ ይወጣል።

አሁን ወደ ቴሌቪዥኑ ተሻግሬያለሁ። በ1967 «ስታር ትሬክ» ላይ ኮምፒውተር ንቆ ወረቀት መጽሐፍ የሚቆልል ጠበቃ ነው፤ ደስ ይላል። አሁን የያዝኩት የሰማንያዎቹን «ማግነም ፒ አይ» ነው። ዕድሜው 77 አልፎ፣ «አይስ ፒክ» የሚባል የወንጀለኞች አለቃ ሆኗል። ያ ሁሉም የሚቀማው «ልጅ» አሁን ወንበር ላይ ተቀምጧል፤ ሌሎቹ ቆመው ፊቱን እያዩ ይፈሩታል። ሁለት ክፍል አይቻለሁ። እስካሁን አልሞተም።